ቀስታ እና ጨዋው ሕፃን

ስሟ ቀስታ አይደለም። እናቷ ያወጡላት ሌላ ስም አለ፤ እሱ መታወቂያዋ ላይ ተጽፎ በቦርሳዋ ውስጥ ይኖራል። ነገር ግን ገና ድክ ድክ ስትል ታላቅ ወንድሟ «ይቺማ ስትወድቅም ቀስ ብላ ነው የምትወድቀው» ብሎ ቤቱን ሁሉ አሳቀና ከዚያን ቀን ወዲህ ቀስታ ሆና ቀረች። በትምህርት ቤት ቀስታ፣ በነርሶች ማሠልጠኛ ቀስታ፣ አሁን በሃምሳ ሦስት ዓመቷ ደግሞ በእናቶችና ሕፃናት ክሊኒኩ እትዬ ቀስታ ናት።

ስንፍና እንዳይመስላችሁ። ሥራ አትጠላም፣ ከሥራም አትሸሽም። ብቻ ነገር ሁሉ ውስጡ ካልገባች አይለቃትም። ሻይ ስታማስል ስኳሩ እየሟሟ ሲሄድ ታየዋለች፤ ማንኪያው ሲዞር ሐሳቧም አብሮ ይዞራል፣ ሻዩም ይቀዘቅዛል። ባሏ የከተማ አውቶቡስ ሾፌር ነበር፤ አሁን ጡረታ ወጥቷል። እንዴት ተጋባችሁ ሲሉት መልሱ አንድ ነው፦ «በየጠዋቱ ላመልጣት ሞከርኩ፤ ሳትሮጥ ያዘችኝ።» እውነቱን ለመናገር ሦስት ወር ሙሉ አውቶቡሱ ያመልጣት ነበር። በአራተኛው ወር እሱ መጠበቅ ጀመረ። ተሳፋሪው ያጉረመርማል፣ እሱ መስታወቱን ያስተካከለ መስሎ ይጠብቃል፣ እሷ የመንገዱን ዛፎች እያየች ትመጣለች።

በዚህ ክሊኒክ መጀመሪያ የተመደበችው ማዋለጃ ክፍል ነበር። እዚያ ደግሞ «ቶሎ» የማይባልበት ደቂቃ የለም። አለቃዋ ፈጣን ሴት ናት፤ ከእሷ ቀድሞ የጫማዋ ድምፅ ኮሪደሩን ይዞርላታል። አለቃዋ ሁለት ዓመት ታገሠቻት። ከዚያ አዲስ የሚወለዱ ሕፃናት ሁሉ ለታይሮይድ እንዲመረመሩ ሲወሰን «ይኸው ላንቺ የተፈጠረ ሥራ መጣ» አለቻት። ስታሾፍባት ነበር። እውነት ሆኖ ቁጭ አለ።

ሥራው እንዲህ ነው። እናቶች ልጃቸውን በሦስተኛው ቀን ይዘው ይመጣሉ። የሕፃን ተረከዝ ከቀዘቀዘ ደም አይሰጥም፤ ስለዚህ ቀስታ ለብ ባለ ጨርቅ ትጠቀልለውና ትጠብቃለች። በተረከዙ ጎን አንዴ ትወጋለች። የመጀመሪያዋን ጠብታ ትጠርጋለች፤ ሁለተኛዋ ሞልታ እስክትንጠለጠል ትጠብቃለች። ከዚያ አምስት ክብ የታተመበትን ወፍራም ካርድ ታስጠጋለች፣ ጠብታዋ ራሷ ትገባለች። መጭመቅ የለም፤ ደራርቦ መቀባት የለም። የቸኮለ እጅ ካርዱን ያበላሻል፣ የተበላሸ ካርድ ደግሞ ጭራሽ ካለመኖሩ ይብሳል። እሷ በአሥራ አራት ዓመት ያበላሸቻቸው ካርዶች የአንድ እጅ ጣት አይሞሉም።

ካርዶቹ የሚደርቁት በኮሪደሩ መጨረሻ፣ ድሮ የአንሶላ ማስቀመጫ በነበረች ጠባብ ክፍል ውስጥ ነው። መስኮቷ ፀሐይ አይመታውም። በእንጨት መደርደሪያው ላይ ለጥ ብለው አራት ሰዓት ይተኛሉ፤ ፀሐይ አይነካቸውም፣ ማሞቂያ አይቀርባቸውም። ቀይ ሆነው ገብተው ቡናማ ሆነው ይወጣሉ። ቀስታ በዚያች ክፍል ስትሆን ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ነው የምትናገረው፤ ለምን ብትባል አታውቅም። አምስት ክብ አንድ ሰው ነው ብላ ታስባለች። በርጩማዋ ላይ ተቀምጣ አንዱን ካርድ ታይና ይሄ ግንበኛ ይሆናል፣ ያቺ ዘፈን ትወዳለች፣ ያ ደግሞ ውሸታም ነው የሚወጣው፣ ግን ሰው ይወደዋል ትላለች። በማግሥቱ ጠዋት ሁሉንም በፖስታ ውስጥ ትከትታለች፣ መኪና መጥቶ ወደ ዋናው ላቦራቶሪ ይወስዳቸዋል።

የሚፈለገው አንድ ነገር ነው። በአንገት ፊት፣ ከቆዳ ሥር፣ ታይሮይድ የምትባል ቢራቢሮ የምትመስል ትንሽ ዕጢ አለች። የሰው አካል የሚሞቀው፣ የሚያድገው፣ አእምሮው የሚፈካው እሷ በምታመነጨው ነገር ነው። አንዳንድ ልጅ ያቺ ዕጢ ሳትኖረው፣ ወይም ኖራው እንቅልፋም ሆና ይወለዳል። ያን ጊዜ አንጎል ሥር ያለች ሌላ ዕጢ «ንቂ፣ ንቂ» እያለች ትጣራለች፤ የሚመልስላት የለም። ላቦራቶሪው የሚለካው ይህንን ጥሪ ነው። ከሁለት ወይም ከሦስት ሺህ ልጅ አንዱ ላይ ጥሪው ጩኸት ሆኖ ይገኛል። መድኃኒቱ በቀን አንዲት እንክብል ናት። ቶሎ ከተጀመረ ልጁ እንደ ማንም ልጅ ያድጋል፤ ከዘገየ ግን ልጁም ይዘገያል፣ ያ መዘግየት ደግሞ ኋላ የሚካካስ አይደለም። ቀስታ ይህንን ስትሰማ ደንግጣ ነበር። ዕድሜዋን ሙሉ ዘገምተኛ ስትባል ኖራለችና፣ መዘግየት እንዲህ ያለ ፊት እንዳለው አታውቅም ነበር።

አንድ ማክሰኞ ጠዋት መኪናው ከወትሮው ቀድሞ መጣ። የሰኞው ካርዶች ገና ፖስታ ውስጥ አልገቡም፤ ከፊቷ ደግሞ አንዲት ወጣት እናት የሦስት ቀን ልጅ አቅፋ ተቀምጣለች። ተረከዙን በወጉ አሙቃ፣ በወጉ ወግታ፣ አምስቱንም ክብ ሞልታ ጨርሳለች። የቀረው ጽሕፈቱ ብቻ ነው። ከውጭ የመኪናው ጡሩምባ ተነፋ። አለቃዋ በበሩ ብቅ ብላ «እትዬ ቀስታ፣ እባክሽ ዛሬ እንኳ አንዴ ቶሎ በይ» አለቻት።

በሕይወቷ አንዴ ቸኮለች።

«የልጁ ስም?» አለች እየጻፈች።

«ገና አልወጣለትም። ማሙሽ ብለው ይጻፉት።»

«ስልክ?»

እናትየዋ ቁጥሩን ነገረቻት፣ ቀስታ እንደሰማችው ጻፈች። ሌላ ጊዜ ቢሆን ሁለቴ መልሳ ታነብላት ነበር፤ ያን ቀን አላነበበችም። አድራሻው ላይ «ከአናጺዎቹ ጀርባ፣ ቢጫው ፎቅ» ብላ ተወችው፤ የቤት ቁጥርም አልጠየቀች። አንድ ነገር ግን ልብ ብላ ነበር። ልጁ መርፌው ሲገባ ጎርነን ያለች ትንሽ ድምፅ አሰማና መልሶ ተኛ። እናትየዋ ፈገግ ብላ «ጨዋ ነው» አለች። ቀስታን ጆሮዋ ውስጥ አንድ ነገር ጫር አደረጋት፤ ጡሩምባው ደግሞ ተነፋ፣ ተነስታ ሄደች።

ከስድስት ቀን በኋላ የክሊኒኩ ዶክተር ከላቦራቶሪ የተመለሰ ካርድ ይዞ ወደ ማድረቂያ ክፍሏ መጣ። እዚያ ገብቶ አያውቅም፤ እሱም ሳያስበው ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«እትዬ፣ የማሙሽ ካርድ። ውጤቱ በጣም ከፍ ያለ ነው። ዛሬ ዘጠነኛ ቀኑ ነው፤ ሁለት ሳምንት ሳይሞላው መድኃኒት መጀመር አለበት። ከዚያ በኋላ ያለው ቀን ሁሉ ከአእምሮው ላይ ነው የሚቀነሰው።»

ደወለች። ከወዲያ በኩል የብረት ድምፅና የአንድ ሽማግሌ ሳል ተሰማ። «ተሳስተሻል እህቴ» አሉ ሰውየው። «እኔ ሕፃን የለኝም። ያለኝ ጎማ ነው።» ቀስታ ስልኩን ዘጋች። ካርዱን ገልብጣ የራሷን ጽሕፈት አየችው፤ የቸኮለ ሰው ጽሕፈት ነበር፣ የእሷ አይመስልም። የሰው ልጅ በእኔ እጅ ጠፋ አለች፣ ድምፅ አውጥታ።

ከሰዓት በኋላ ወደ ቢጫው ፎቅ ሄደች። ቢጫ ከሆነ ቆይቷል፤ ዝናብ አጥቦት የሳሙና ቀለም ይዟል። አራት የደረጃ መውጫ፣ አራት ፎቅ፣ ስልሳ ቤት። ከፊት ለፊቱ አናጺዎቹ ይልጋሉ፣ ሥሩ ደግሞ አንድ ሱቅ አለ። ባለሱቁ ከሚዛኑ ኋላ ተቀምጦ ደንበኛ ባይመጣ የማይከፋው ዓይነት ሰው ነው። የእናትየዋን ስም ነገረችው። አላወቃትም። ሰፈር መቼ ሰውን በመዝገብ ስም ያውቃል? የማሙሽ እናት እንዳትለው ደግሞ ግማሽ ሕንፃው የማሙሽ እናት ነው።

«አራስ ልጅ ያለበት ቤት ብታሳየኝ ይበቃኛል» አለችው።

«እትዬ፣ የዚህን ቤት ሕፃናት እኔ በድምፅ ነው የማውቃቸው» አለ ባለሱቁ። «አንደኛ ፎቅ መንታዎች አሉ፤ አንዱ ሲጀምር ሌላው ይቀበለዋል። ከእነሱ በላይ የልብስ ሰፊዋ ልጅ አለች፣ እሷ ስታለቅስ ሚዛኔ ይወዛወዛል። በወዲያኛው ደረጃ ደግሞ አንድ ጡሩምባ አለ። ሌላ አራስ የለም። ቢኖር እሰማው ነበር።»

ያም ሆኖ ወጥታ ወርዳ አንኳኳች። መንታዎቹ ሰባት ወራቸው ነው። የልብስ ሰፊዋ ልጅ አራት ወሯ ነው፣ ያውም ሴት። ጡሩምባው ጥርስ አውጥቷል። ልቅሶ በሰማችበት ሁሉ እየሄደች፣ በር በተከፈተላት ቁጥር አንገቷን እየደፋች ዞረች። ደረጃው ሁሉ መጨረሻ ላይ አንድ ደረጃ መሰላት። ጀንበር ስታዘቀዝቅ ባዶ እጇን ተመለሰች።

ማታ ራቷን ሳትነካ ለባሏ ነገረችው። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይላሉ» አለችው። «እኔ አፈሰስኩ፤ መልቀሙ አቃተኝ።»

ባሏ ነገር ሲያሳዝነው ቶሎ አይመልስም። እሱም በእሷ ተለክፏል፣ ሠላሳ ዓመት አብሯት ኖሮ። ቆይቶ ስለ አውቶቡሱ ማውራት ጀመረ። «ታውቂያለሽ፣ የሚጮኸው ተሳፋሪ ሁሉ ፌርማታው ላይ ይወርዳል። ‹ወራጅ አለ› ይላል፣ አቆማለሁ፣ ይወርዳል። እኔን ያስቸግረኝ የነበረው ዝም ያለው ነው። መጨረሻው ፌርማታ ደርሼ መብራት ላጠፋ ስል ኋላ ወንበር ላይ ተኝቶ አገኘዋለሁ። ሰፈሩን ሳይናገር አልፎት መጥቷል።»

ቀስታ ቀና ብላ አየችው። ቀኑን ሙሉ ልቅሶ ስትከተል ነበር የዋለችው። ያ በካርዱ ላይ ያለ ልጅ ግን ሲወጋም ያላለቀሰ ልጅ ነው።

በማግሥቱ ጠዋት በቢጫው ፎቅ ግቢ መሐል ቆመች። ዛሬ አላንኳኳችም። ዓይኗን ጨፍና ታዳምጥ ጀመር፤ ይህን ስታደርግ የሚያያት ሰው ምን እንደሚል ግድ አልነበራትም። የአናጺዎቹ መጋዝ አለ፤ እሱን አስቀመጠችው። የአንድ ቤት ሬዲዮ፣ የሚታጠብ ድስት፣ ልጅ የሚቆጣ ሰው፤ እነሱንም አንድ በአንድ አስቀመጠቻቸው። መንታዎቹ ጀመሩና ተቀባበሉ። ጡሩምባው ነፋ። እያንዳንዱን ድምፅ ከየቤቱ እያነሳች ወደ ጎን ስታኖር ሕንፃው ቀስ በቀስ ጸጥ እያለ መጣ፣ በመጨረሻም አየር ላይ እንደ ተንሳፈፈች ተሰማት። ዓይኗን ስትገልጥ የምታየው ሦስተኛውን ደረጃ፣ የላይኛውን ፎቅ ነው። ከዚያ ምንም አልተሰማም። ነገር ግን ከመስኮቱ ሥር ባለው ገመድ ላይ፣ በጥላው በኩል፣ ጥቂት ትናንሽ አራት ማዕዘን ነጫጭ ጨርቆች ተሰጥተዋል።

የተሰጣ ነገር ማየት የእሷ ሥራ ነው። ጨርቆቹ ጠርዛቸው ገና ያልተላላ፣ አዳዲስ ናቸው። ከሳምንት በላይ የሆነው ልጅ ያለበት ቤት ጨርቅ እንዲህ አይቆጠርም፤ ይበዛል። ይህ ልጅ እምብዛም አያረጥብም፤ እምብዛም አይጠባም ማለት ነው። በሕይወቷ ለሁለተኛ ጊዜ ቸኮለች፤ ደረጃውን ሁለት ሁለት እየረገጠች ወጣች።

በሩን የከፈቱላት አንዲት አያት ናቸው፣ ጣታቸውን ከንፈራቸው ላይ አድርገው። «ቀስ በይ» አሏት በሹክሹክታ። «ተኝቷል።»

በሃምሳ ሦስት ዓመቷ ቀስ በይ ያሏት የመጀመሪያዋ ሰው እሳቸው ናቸው። ሳቋም እንባዋም አንድ ላይ መጣባት።

ክፍሉ አረንጓዴ መጋረጃ ተጋርዶበታል፤ ብርሃኑ ከውኃ ሥር ያለ ይመስላል። በወንበር ላይ የተተኮሱ የሕፃን ልብሶች ተደርድረዋል። አልጋው ላይ ልጁ ተኝቷል። ጸጥታው ደስ ይል ነበር፤ ከዚያ ጸጥታ ጎን ተቀምጦ መቅረትን የሚያስመኝ። ቀስታ አሁንስ ሁሉም ደህና ነው ብላ ልታምን ትንሽ ቀራት። ከዚያ አጎንብሳ ጉንጩን ነካችው። ቀዝቃዛ ነው። ቆዳው ቢጫነቱ አልለቀቀውም፣ ምላሱ ከከንፈሩ ትንሽ ወጣ ብሏል። ተረከዙ ላይ የእሷ መርፌ ምልክት ጠፍቶ ነበር፤ የነበረበትን ቦታ ግን አልሳተችውም።

«ማሙሽ» አለችው።

«ጨዋ ነው፣ ልጄ» አሉ አያትየዋ። «አምስት ወልጄ አሳድጌያለሁ፤ እንዲህ ያለ አላየሁም። ለጡት እንኳ እኛ ነን የምንቀሰቅሰው። ጎረቤት መኖሩን አያውቅም።»

እናትየዋ ከጓዳ እጇን እየጠረገች ወጣች፤ ቀስታን ስታያት ፊቷ ተለወጠ። ቀስታ ሳታድበሰብስ ነገረቻቸው። ካርዱ ምን እንዳሳየ፣ አንገቱ ውስጥ ያለችው ዕጢ እንዳልነቃች፣ መድኃኒት እንዳለና ጊዜ እንደሌለ።

አያትየዋ ብርድ ልብሱን ገለጥ አድርገው የልጁን አንገት ዳበሱ። «እንቅርት ነው የምትይው? የታለ? ይኸው እዪው፣ አንገቱ ልሙጥ ነው» አሉ። «በዚህ ቤት ስንት ነገር አለ መሰለሽ፤ በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ አታምጪብን።»

«እንቅርት አይደለም፣ እማማ። እንቅርት ቢሆን እርስዎም ያዩት ነበር። ይቺ በዓይን አትታይም። በደም ነው የምትገኘው።»

«ታዲያ የታመመ ልጅ አያለቅስም?»

«ይሄኛው ሕመም ልቅሶውንም ነው የሚወስደው» አለች ቀስታ።

እናትየዋ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጠች። ቀስ ብላ «እኔ ፈርቼ ነበር» አለች። «ሲተኛ ጆሮዬን አፍንጫው ላይ አድርጌ ነው የማድረው። ግን ሁሉም ጨዋ፣ ጨዋ ሲሉት ምን ልበል? ልጄ ባለጌ ይሁንልኝ ልበል?»

ይህን ሲሰሙ አያትየዋ ፊታቸውን ወደ መጋረጃው አዞሩ።

«ጥፋቱ የኔ ነው» አለች ቀስታ። «ስልክሽን ተሳስቼ ጻፍኩ። ቸኩዬ ነበር። ትናንት ነበር የሚነገርሽ።»

እናትየዋ ቁጥሩን እንደገና ነገረቻት፤ «ስልሳ» ስትል ቀስታ ዓይኗን ጨፈነች። እሷ ሠላሳ ብላ ነው የጻፈችው። በቸኮለ ጆሮ ስልሳና ሠላሳ አንድ ናቸው። እናትየዋ አልተቆጣችም፤ ቀስታ ብትቆጣት ይሻላት ነበር። ልጁን ጠቅልላ ተነሳች። አያትየዋ ደግሞ የሁሉንም ጫማ በሩ አጠገብ ደርድረው ቀድመው ቆመው ነበር።

በዚያው ቀን፣ በአሥረኛው ቀኑ፣ ዶክተሩ ከልጁ ክንድ ሌላ ደም ወሰደ፣ ውጤቱንም ሳይጠብቅ መድኃኒቱን አስጀመረው። ቀስታ ለዕድሜው የሚበቃውን ሩብ እንክብል በሁለት ማንኪያ መሐል ፈጭታ፣ በጥቂት የእናቱ ወተት በጥብጣ፣ በከንፈሩ ጥግ ጠብ ጠብ አደረገችለት። ጊዜ ወሰደባት። ማንም ቶሎ በይ አላላትም፤ አለቃዋ እንኳ በሩ ላይ ቆማ ጫማዋን ሳታንኳኳ ጠበቀች።

ቀኖቹ ካለፉ በኋላም ቀስታ በማድረቂያ ክፍሏ ስትቀመጥ ያ ልጅ ከሐሳቧ አልወጣም። ለሌሎቹ ካርዶች ሁሉ ዕጣ ታወጣላቸዋለች፤ ለእሱ ምንም ማውጣት ፈራች። ግንበኛም ዘፋኝም አላለችውም። ስልክ ቁጥር ግን ከዚያ ወዲህ ሦስት ጊዜ ታነባለች፣ ጡሩምባ ቢነፋም ባይነፋም።

ከስድስት ሳምንት በኋላ፣ በአንድ ቅዳሜ፣ ልታያቸው ሄደች። ባለሱቁ ከሚዛኑ ኋላ ብቅ ብሎ ጠራት።

«እትዬ፣ ያን ጊዜ አራስ የለም ያልኩሽን ቃሌን አንስቻለሁ። በሦስተኛው ደረጃ አንድ ወጥቷል። ከየት እንደመጣ እንጃ፣ ጡሩምባውን አስንቆታል።»

ደረጃውን መውጣት ጀመረች። ሦስተኛው ፎቅ ላይ ስትደርስ ሰማችው። ጎርናና አይደለም፤ ጥርት ያለ፣ የተናደደ፣ ግድግዳውን የሚገፋ ልቅሶ ነው። እዚያው ደረጃው ላይ ተቀመጠች። ደስ አላት፤ እንዲህ ደስ ያላት መቼ እንደነበር ማስታወስ አልቻለችም። እንባዋን አልጠረገችውም።

በሩ ተከፈተና አያትየዋ ልጁን አቅፈው በደረጃው አናት ላይ ቆሙ። ዛሬ ጣታቸው ከንፈራቸው ላይ አይደለም፤ ከልጁ ድምፅ በላይ ለመሰማት መጮኽ ነበረባቸው።

«መጣሽ?» አሏት። «ይኸው፣ ጨዋ ልጄን ባለጌ አደረግሽብኝ።» ይህን እያሉ ልጁን ደረታቸው ላይ አጥብቀው ያዙት። «ሰው እንቅልፍ አጣ። ጎረቤት ሁሉ ስሞታ ነው። ግቢ እንጂ፣ ምን ያስቀምጥሻል?»

«እመጣለሁ፣ እማማ» አለች ቀስታ። «ቀስ ብዬ።»

ልጁ ልቅሶውን እስኪጨርስ ድረስ እዚያው ተቀምጣ አዳመጠችው።